የአረፋ ሂሳብ

በእሪ በከንቱ ቁልቁለት፣ ከድልድዩ አፋፍ ላይ፣
ከተደጋገፉ ቤቶች መሃል፣ ከመንገድ የማትታይ
አንዲት ክፍል አለችኝ፤
በርሜሌ ሰማያዊ፣ ማማሰያዬ የባህር ዛፍ፣
ክንዴ እስኪዝል የማዞር፣ ከንጋት እስከ ምሽት ሳላርፍ።

መጀመሪያ ውሃ። ቀጥሎ ሰልፎኒክ አሲድ፣
እንደ ከረመ ማር ጠቁሮ፣ እየተጎተተ የሚወርድ።
ከዚያ ኮስቲክ ሶዳ፣ በጓንት፣ ፊትን አዙሮ፣
(አንዴ ነክቶኝ ያውቃል፤ ይኸው አውራ ጣቴ፣ ቆዳው ተኮማትሮ።)
በመጨረሻ ቴክሳፖን፦ ነጭ፣ ዝልግልግ፣ ወፍራም፣
ከመርካቶ በኪሎ የሚገዛ፣ ዋጋው ሁለት ቀን አንድ ሆኖ አያውቅም።
አረፋ ማለት እሱ ነው።
ያለ እሱም ሳሙናዬ ሳሙና ነው፤ ግን ማን አምኖኝ?

ባንቺአምላክ አንድ ጊዜ መለሰችብኝ፣ ጠርሙሱን እንደያዘች፣
ደጎል አደባባይ ካለው ምግብ ቤት ሳህን ታጥባለች፤
"ይሄ ውሃ ነው" አለች።
ነጭ ነገር ክርኗ ድረስ ካልወጣ፣
ቅባቱ የለቀቀ አይመስላትም፣ ሳህኑ መስታወት ሆኖ ቢመጣ።
እኔ ግን አውቃለሁ፤
ቅባት የሚያስለቅቀው አረፋው አይደለም።

መምህር ይርዳው ነው ያስረዳን፣ አራት ኪሎ፣ ሁለተኛ ዓመት ሳለሁ
(ሦስተኛውን አላየሁም፤ አባቴ ታመመ፣ ወጣሁ)፣
ጠመኔውን ጥሎ፣ ሁለት እጁን ዘርግቶ፦
"ውሃና ዘይት ባላንጣ ናቸው፤ አንድ ጣራ ሥር አያድሩም።
ይህቺ ሞለኪውል ግን ራሷ ከውሃ፣ ጅራቷ ከዘይት፣
የሁለት ወገን ዘመድ፣ የእርቅ ሽማግሌ ናት።
ቆሻሻውን ከብባ፣ በመሃል አስቀምጣ፣
ያለ ጩኸት ሸኝታው፣ ከጨርቁ ታስወጣ።"
"አረፋውሳ?" አልኩት።
ሳቀ። "እሱማ ሽማግሌው ሲበዛ፣
ሥራ የፈታው ከላይ ተሰልፎ፣ አየር አቅፎ የሚያወራው ወሬ ነው።"

እኔ እንግዲህ የምሸጠው ወሬውን ነው።

ጨውም አለ። ጨው ያወፍረዋል፣ ገበያ ያስወጣዋል፤
ግን አንድ ጭልፋ ካለፈ፣ መልሶ ውሃ ያደርገዋል።
"ለራስህ ስትል ጣፍጥ" ይሉታል ሌላ ቤት፤
እኔ ቤት "ለራስህ ስትል ይብቃህ" ነው፣ የሚነገረው ተረት።

የአረፋ ዋዜማ እትዬ ሸምሲያ መጣች፣
የሳሎኗን ምንጣፍ ልታጥብ፣ ባዶ ጀሪካን አንጠልጥላ፤
"ለአረፋ አረፋ ስጠኝ፣ ቶሎ የማያርፍ" አለች፤
ቅኔዋን ከጀሪካኑ ጋር ትታልኝ፣ ማታ ልትመለስ ሄደች።
ግማሽ ኪሎ ቴክሳፖን ጨመርኩበት፣ ከሂሳብ ውጭ፣
ለበዓል ነው ብዬ።
ለእሷ ብቻ እንዳይሆን፣ በርሜሉን በሙሉ።

በዓሉ አለፈ፣ ሌሊቱን ዘነበ።
ጠዋት ድልድዩ ላይ ሰው ተደርድሮ ቁልቁል ያያል፤
ወንዙ ጋቢ ለብሷል።
ከድንጋይ ድንጋይ እያበጠ፣ እየተንከባለለ ይወርዳል፤
አንዱን ጉማጅ ነፋስ አንስቶ ሚኒባስ መስታወት ላይ ለጠፈው፣
ረዳቱ "አራት ኪሎ! የሞላ!" እያለ በክንዱ ጠረገው።
"ፋብሪካ ነው" ይላል አንዱ። "መኪና አጣቢዎቹ ናቸው።"
አንዲት አሮጊት አማተቡ።
እኔ ሽታው ደረሰኝ። ሎሚ፣ ከርካሹ ሽቶ፣ ትንሽ የሚመር።
የኔ ሎሚ። የሁሉም ላይሆን ይችላል፤ የኔም ግን ነበር።

እናቴ እንዶድ ወቅጣ ነበር ነጠላ የምታነጻው፤
"ዓሣ ይገድላል፣ ከወራጁ አርቂው" ትላት ነበር እህቴን።
እዚህ ወንዝ ውስጥ ዓሣ የለም ብዬ ተጽናናሁ፣
መጽናናቴ እስኪያሳፍረኝ።
እሪ ልበል ብዬም አሰብኩ፤
ሰፈሩ ግን መልሱን ስሙ ላይ ጽፎታል።

ተመልሼ ገባሁ። በርሜሉ ውስጥ አረፋው አርፏል፣
ከሥሩ ሳሙናው ዝም ብሎ፣ ጠርቶ፣ ፊቴን ያሳያል።
በሩ ተንኳኳ። ባንቺአምላክ ናት፣ ባዶ ጠርሙሷን ይዛ፤
"የባለፈው" አለች፣ "የባለፈው ግሩም ነበር።
እንደሱ አድርገው።"
ጭልፋው እጄ ላይ ነው።